መጥሪያውን በእጇ ሰጠችው

ሰው የሚወዳትን ልጅ ለምን በገዛ እጁ ይጎዳል? ስንት ቀን አሰብኩት፣ መልስ አላገኘሁለትም። የከፋው ደግሞ ነገሩን የጀመርኩት እኔው መሆኔ ነው።

የልጅ ልጄ ቫሱዳ እዚሁ ህንድ አገር ፓትና ከተማ፣ አንድ ዩኒቨርሲቲ ውስጥ ስለ ዕፅዋት ታስተምራለች። እጮኛዋ ዴቬሽ የዚያው ዩኒቨርሲቲ ሬጅስትራር ነበር፤ የመምህራኑ ፋይል ሁሉ በእጁ ነው የሚያልፈው። እሁድ እሁድ ምሳ የሚበላው እኛ ቤት ነው። የማዕረግ እድገቷን ሲከለክሏት ዩኒቨርሲቲውን ከሰሰች፤ ረታችም። ፍርድ ቤቱ በሦስት ወር ውስጥ እድገቷን ስጧት ብሎ አዘዘ። ሦስቱ ወር አለፈ፣ ፋይሏ ግን አልተንቀሳቀሰም።

«ፕሬዚዳንቱ ጋ ነው» ይላታል ዴቬሽ።

ጥፋቴ ይሄ ነው። ጠበቃዋ ኒላብ መልከ መልካም ነው፤ ከችሎት ሲመለሱ በሞተሩ ያደርሳታል። ሠርጉ ዘገየብኝና ዴቬሽን ላጣድፈው ብዬ፣ ፍርዱ በተሰጠ ሰሞን አንድ እሁድ ሩዝ እየጨመርኩለት፣

«ያ ጠበቃ እኮ በየሳምንቱ በሞተር ነው የሚያመጣት። እንዴት እንደሚያስቃት ብታይ» አልኩት።

የያዘው ሩዝ እጁ ላይ ቀረ።

«ያስቃታል?»

«ኧረ ሳቋ እዚህ ድረስ ይሰማል።»

ሞተሩ ላይ ስትቀመጥ ቦርሳዋን በእሷና በጠበቃው መሃል እንደምታደርግ ግን አልነገርኩትም። አይቼ ነበር እኮ።

ኋላ ኒላብ፣ «ትእዛዙን ስላላከበሩ ፍርድ ቤት በመድፈር እንከሳለን። ይሄ ክስ በመሥሪያ ቤቱ ስም አይሆንም፤ በሬጅስትራሩ በራሱ ስም ነው» አላት። ሁለት ቀን እህል አልወርድ አላት። በሦስተኛው ፈረመች። ዳኛውም እንዳይዘገይ ብለው መጥሪያውን ራሷ በእጇ እንድታደርስ ፈቀዱ።

እሁድ ዴቬሽ ምሳ ሲቀርብለት ወረቀቱን ሳህኑ አጠገብ አኖረችው።

«የአባቴን ስም ሳይቀር ጽፋችሁታል?»

«እንደዚህ ነው የሚጻፈው። ተቀብያለሁ ብለህ ፈርምልኝ።»

«ጠበቃሽ ነው ያስጠናሽ?»

«ፋይሌ የት ነው፣ ዴቭ?»

እስክሪብቶውን ከኪሱ አወጣ።

«የት ነው አልኩህ?»

«መሳቢያዬ ውስጥ... እድገቱን ብታገኚ የምታመሰግኚው እሱን ነው። እሱን በደስታ ስታመሰግኚው ማየት አቃተኝ።»

«አንተ ፋይሉን ስለያዝክ እኮ ነው በየሳምንቱ ከሱ ጋር የምመላለሰው። ማነው እንዲህ ያስቀናህ?»

አየኝ። እኔ ምስሩን አማስላለሁ።

«ማንም» አለና ፈረመ።

በቀጠሮው ቀን እኔም ችሎት ሄድኩ። የዩኒቨርሲቲው ጠበቃ ጥፋቱን ጸሐፊዎቹ ላይ እንዲያላክክ ቢጎነትለው ዴቬሽ እምቢ አለ።

«ክቡር ዳኛ፣ ፋይሉን የያዝኩት እኔ ነኝ፤ ይቅርታ እጠይቃለሁ። የእድገት ደብዳቤዋን ትናንት ሰጥቻታለሁ። ሬጅስትራርነቱንም ለቅቄያለሁ።»

ዳኛው ችሎቱ እስኪነሳ እዚያው እንደ እስረኛ እንዲቀመጥ ፈረዱበት። የመጨረሻው አግዳሚ ላይ እስከ አስር ሰዓት ተቀመጠ። ኒላብ «አለቀ እኮ፣ እንሂድ» ቢላት ቫሱዳ አልተነሳችም። ከፊቱ ሁለት ረድፍ ራቅ ብላ፣ ጀርባዋን ሰጥታው ተቀመጠች። አንዴም አልዞረችም። ጥላውም አልሄደችም።

በሚቀጥለው እሁድ ዴቬሽ አልገባም። ስኩተሩን ይዞ ደጅ ቆመ።

«ይቅርታ ሊልሽ ነው መሰለኝ» አልኳት።

«ይቅርታውንስ በዳኛ ፊት ሰምቼዋለሁ፣ አያቴ። ያልገባኝ ማን እንዲህ እንዳሳበደው ነው። ስጠይቀው አይነግረኝም።»

ማማሰያዬን አስቀመጥኩ።

«እኔ ነኝ፣ ልጄ። ሠርጉን እንዲያፋጥን ብዬ ስለ ሞተሩ ነገርኩት። ስለ ቦርሳሽ ግን ደበቅኩት።»

ትኩር ብላ አየችኝ። ብትቆጣኝ ይሻለኝ ነበር። ቦርሳዋን ከወንበሩ አንስታ ወጣች።

በመስኮት በዓይኔ ተከተልኳት። ስኩተሩ ላይ ከኋላው ተቀመጠች። ቦርሳዋን በጎኗ አንጠልጥላው ነበር፤ መሃላቸው ምንም አልነበረም።