ሳህኑ ራሱ ነው የወደቀው

አርባ ዓመት ሙሉ እምቢ ያለችውን አንዲት ዓረፍተ ነገር ኂሩት በሞተችበት ቀን ለምን ተናገረች?

መርማሪ ፍቅርተማርያም ለንደን፣ ኤድመንተን ሰፈር ያለው የኂሩት አፓርታማ ስትደርስ መልሱን አታውቅም ነበር። የሰባ አንድ ዓመቷ ኂሩት ወጥ ቤቱ ውስጥ ተዘርራለች። ጭንቅላቷን የምድጃው ጠርዝ መትቶታል፤ ክንዶቿ ላይ የጣት ምልክት አለ።

ቴሌቪዥን ብርቅ በነበረበት ዘመን ኂሩት «የቅዳሜ ጎረቤቶች» በተባለ አስቂኝ ድራማ ብዙዬ የምትባል የቤት ሠራተኛ ሆና ትጫወት ነበር። ጌታዋ «ምን ሰበርሽ?» ሲላት፣ «አቤት ጌታዬ፤ ሳህኑ ራሱ ነው የወደቀው!» ትላለች፤ አገር ይስቃል። ለንደን ከመጣች ወዲህ ሰርግ ላይም ለቅሶ ላይም «ብዙዬ፣ እስኪ በያት!» ይሏታል። አንድ ቀን እንኳ አላለችላቸውም።

አስከሬኑን ያገኘችው አብራት የምትኖረው የእህቷ ልጅ ሃይሚ ናት፤ ከመጋዘን ሥራዋ በአሥራ አንድ ሰዓት ስትገባ።

«ትጣሉ ነበር?»

«ሁልጊዜ። ሾርባው ቀጠነ ብላ ታባርረኛለች፤ ተመለሺ ብላ ትደውላለች።» ሃይሚ ጥፍሯን ነከሰች። «ክሮይደን ኢሚግሬሽን ያለው የጥገኝነት ኬዜ ገና አልተወሰነም። ገደለች ብላችሁ ቻርጅ ካደረጋችሁኝ ሪፊውዝ ያደርጉኛል፤ በቃ፣ አለቀልኝ።»

«ሌላ ማን ጋር ቂም ነበራት?»

«ጋሽ ኃይለልዑል ጋር። ጌታዋን የሚጫወቱት እሳቸው ነበሩ። ቅዳሜ ኤሌፋንት ኤንድ ካስል ሰፈር ያለ አዳራሽ ውስጥ ሊሸለሙ ነው። የድራማውን ደራሲ ሀብተ ማርያምን ስለ አንዲት ቀልድ ለካድሬ ያሳበቁት እሳቸው ናቸው፤ ሰውየው እንደታሰረ ቀረ። አክስቴ እዚያው ተነስቼ እናገራለሁ ትል ነበር።»

ጎረቤቱ አቶ ተኣመ፣ ጡረታ የወጡ የአውቶብስ ሾፌር፣ የሃይሚን ነገር አከበዱት።

«ዘጠኝ ሰዓት ላይ ቆሻሻ ልጥል ስወጣ ኃይለልዑል በሯ ላይ ቆሞ ይሰናበታል። ወደ ውስጥ ‹ብዙዬ፣ ምን ሰበርሽ?› አላት። ‹ሳህኑ ራሱ ነው የወደቀው!› አለችው። ሁለታችንም ሳቅን። እሱ ሲወጣ በሕይወት ነበረች፣ ልጄ።»

«ድምፅዋ እንዴት ነበር?»

«ጥርት ያለ! ልክ እንደ ቴሌቪዥኑ።»

መርማሪዋ ወደ ሟቿ ተመለሰች። ከንፈሯ ወደ ውስጥ ገብቷል። መታጠቢያ ቤት ያለው የጥርስ ብርጭቆ ደረቅ ነው። ቦርሳዋ ውስጥ የጥርስ ሐኪም ወረቀት አለ።

በማግስቱ ሦስቱንም ኂሩት ሳሎን ሰበሰበቻቸው።

«የወይዘሮ ኂሩት ሰው ሠራሽ ጥርስ ማክሰኞ ተሰብሮ ለጥገና ሄዷል። የሞቱት ሐሙስ ነው። ሃይሚ፣ በነዚያ ቀናት ንግግራቸው እንዴት ነበር?»

«ግማሹ አይገባኝም ነበር። አፍራ ስልክ እንኳ አታነሳም፤ ቴክስት ነበር የምታደርገው።»

«ጥርስ የሌለው አፍ ‹ሳህኑ ራሱ› የሚለውን ጥርት አድርጎ አይልም። ወይዘሮ ኂሩት አልተናገሩትም። አቶ ተኣመ፣ እርስዎ የሰሙት የሃያ ሁለት ዓመት ወጣት ድምፅ ነው።»

አቶ ኃይለልዑል ከረባታቸውን አስተካክለው ሳቁ። «የተኣመን ጆሮ ተማምነሽ ነው?»

«ድራማው በቀጥታ ይተላለፍ ስለነበር አልተቀዳም። የተረፈው አንድ የልምምድ ካሴት ነው፤ እሱም እርስዎ ዘንድ። የቅዳሜው ግብዣ ወረቀት ‹የብዙዬን ድምፅ ከአቶ ኃይለልዑል ካሴት እናሰማለን› ይላል። ወደ ስልክዎ አስገልብጠውታል፤ ጠዋት ቼክ ስናደርግ አገኘነው። ገፍትረው ከገደሏቸው በኋላ የጎረቤቱ በር እስኪከፈት ጠበቁ፤ ስልኩን ኪስዎ ውስጥ አስጮሁት። ምስክር አገኙ፤ ጥፋቱ ለዚች ልጅ ቀረላት። አንድ ነገር ብቻ ረሱ፦ ብዙዬ አርጅታለች።»

«ራሷ ናት የወደቀችው» አሉ አቶ ኃይለልዑል።

ማንም አልሳቀም። ሁለት ፖሊሶች ይዘዋቸው ወጡ። ሃይሚ ፊቷን በሁለት እጇ ሸፈነች።

«እኔ ምን ላውቅ፣ ልጄ» አሉ አቶ ተኣመ። «ሠላሳ ዓመት ጎረቤቴ ናት…»

«ሠላሳ ዓመት፤ ድምፃቸውን አላወቁትም።»

ፍቅርተማርያም የኂሩትን ስልክ ከፍታ ፊታቸው አስቀመጠች። ሐሙስ፣ ስምንት ሰዓት ከሃያ፦

«ወንድሜ ተኣመ፣ ኃይለልዑል ሊመጣ ነው። ብቻዬን ፈራሁ። እባክህ መጥተህ አብረኸን ተቀመጥ።»

ከሥሩ መነበቡን የሚያሳዩ ሁለት ሰማያዊ ምልክቶች አሉ። ከዚያ በታች ባዶ ነው።