የሰማያዊው ሸሚዝ ቀይ ቁልፍ

«ጸጥ በሉ! ይሄ ሰው ነፍሱን አስይዞ ነው የሚናገረው» አለ የሥነ ዜጋ መምህሩ፤ ርዕሰ መምህሩ ፊት ትንፍሽ የማይለው ሰውዬ።

ስክሪኑ ላይ ፊቱ በጥቁር የተሸፈነ ሰው ተቀምጧል። ከሥሩ «የቀድሞ ጋዜጠኛ» ይላል። እንዲጎረንን በተደረገ ድምፅ ስለ ሐሰተኛ ዜና ያለቃቅሳል፦ «ያላየሁትን አየሁ እያልኩ ስዘግብ ኖሬያለሁ።»

ክፍሉ አፉን ከፍቶ ይሰማል። አንዲት ተማሪ ግን የምታየው እጁን ነበር። ሰማያዊው ሸሚዝ እጅጌው ላይ ቀይ ቁልፍ አለው። ሰማያዊ ቁልፍ አጥታ የተከለችው ራሷ ናት።

አባቷ ነው። አባቷ ደግሞ ጋዜጣ እንኳ ጀምሮ የማይጨርስ ተዋናይ ነው።

«ወንድ ነው ባክሽ ሰውዬው!» አለ አጠገቧ ያለው ልጅ። አፉ ስለማያርፍ «ሬዲዮ» ይሉታል።

«ዝም በል እስቲ።»

መምህሩ መብራቱን አበራና ወደ እሷ ጠቆመ። «ነገ በጠዋቱ ሰልፍ ላይ ስለዚህ ሰው ድፍረት የምትናገሪው አንቺ ነሽ። እንዳንቺ አንደበት ያለው የለም።»

ቤት ስትገባ አባቷ መስታወት ፊት ቆሞ ፊቱን ያጨማድዳል። ለምን እንደሚደክም እንጃ፤ ፊቱን የሚያሳየው የለም። ስለ ሚዲያና ስለ ወቅታዊ ጉዳይ የተሠራ ዘጋቢ ፊልም ሁሉ ውስጥ አለ፤ አንዴ ጉቦኛ ሹም፣ አንዴ የተደበደበ ዘጋቢ ሆኖ፣ ሁሌ ፊቱ ተሸፍኖ ወይ በጀርባው። ሰፈሩ ታዲያ «አርቲስቱ» ይለዋል።

«አባዬ፣ ዛሬ ክፍል ውስጥ አየንህ።»

ፊቱ በራ። «እንዴት ነበርኩ?»

«እውነተኛ ምስክር ነው ተባልን። ተዋናይ ነው የሚል ጽሑፍ የለውም።»

«ነበረው እኮ። አዘጋጁ ስሜት ይገድላል ብሎ አወጣው።»

«አንተስ ምን አልከው?»

«ምን እለዋለሁ? የሰጠኝን መናገር ነው ሥራዬ!»

«ነገ ትምህርት ቤቱ ሁሉ ፊት እንዳመሰግንህ ታዝዣለሁ።»

«አመስግኚኛ! አባትሽን ማመስገን ከበደሽ?» ብሎ ሳቀ። ሳቁ ግን አልዘለቀም። «አፍሽን ከከፈትሽ ሁለተኛ የሚጠራኝ የለም፣ የኔ እናት። ከዚህ ሥራ ሌላ በምን ማን ያውቀኛል?»

ይህን ሲል አልተወነም። አንጀቷን በላት። ናቀችውም።

ጠዋት ከመኝታ ቤቱ ተጣራ። «ሰማያዊውን ሸሚዝ ተኩሽልኝ! ቀረጻ አለብኝ።»

«ዛሬ ደግሞ ምን ሆነህ ነው?»

«የዓይን ምስክር!»

ሸሚዙን ተኮሰችው፤ ኮሌታውን፣ እጅጌውን፣ በቁልፉ ዙሪያም ቀስ ብላ። ከዚያ አጣጥፋ ከደብተሮቿ ጋር ቦርሳዋ ውስጥ ከተተችው። ወንበሩ ላይ ነጩን ሸሚዝ አንጠለጠለችለት።

«ሰማያዊውስ የታለ?» አለ ብቅ ብሎ።

«ዛሬ ሰልፉ ላይ እኔ እፈልገዋለሁ፣ አባዬ» አለችና በሩን ቀስ አድርጋ ዘጋችው።