በሙጫ የያዝኳት

ማመን አለማመን የእናንተ ፋንታ ነው። እኔ ግን በዓይኔ ያየሁትን ነው የምነግራችሁ።

ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት ነበር፣ ጠራራ ፀሐይ። ቤት ውስጥ እኔና እናቴ ብቻ ነን።

እናቴ አልጋ ላይ ከዋለች ከርማለች። እኔም እሷን ሳስታምም ሰውነቴ ዝሎ፣ ቆሜ እስከ ማንቀላፋት ደርሻለሁ።

ሥራዬ ከድሮ መጽሔትና ማስታወቂያ ሥዕል እየቆረጡ ፊልም መሥራት ነው። ጎረቤቶቼ «ትልቋ ሕፃን» እያሉ ይስቁብኛል። የቆረጥኩትን ሰው ጠረጴዛ ላይ አስተኝቼ ፎቶ አነሳለሁ፣ ትንሽ ገፋ አደርገዋለሁ፣ ደግሜ አነሳለሁ። ፎቶዎቹ ተከታትለው ሲታዩ ይራመዳል።

እናቴ በወጣትነቷ የሳሙና ካላንደር ላይ ወጥታ ነበር። ራሷን ስትራመድ ላሳያት ብዬ ከካላንደሩ ቆረጥኳት። ከአንድ መጽሔት ደግሞ የተከፈተ በር ቆርጬ፣ ከሥሯ ባነጠፍኩት የመንገድ ሥዕል ላይ ከፊቷ አደረግኩ።

ለምን በር እንደመረጥኩ አላውቅም...

ጥቂት እንዳራመድኳት እናቴ ከመኝታ ቤት ማለክለክ ጀመረች።

«ልጄ... ቀስ በይ። ደከመኝ።»

ወረቀቷን ወደኋላ መለስኳት... የእናቴ ትንፋሽ ተስተካከለ። ወደፊት ገፋኋት... ተቆራረጠ።

እጄን ሰበሰብኩ። ወረቀቷ ግን ማንም ሳይነካት ወደ በሩ ተንሸራተተች።

ነፋስ ነው እንዳልል መስኮቱ ዝግ ነው።

በእኛ ሥራ የሚንቀሳቀስ ነገር ሙጫ አይነካውም። እኔ ግን ከእሷ ሌላ ማን አለኝ? ሁለቱን እግሮቿን ከሥር ካለው ሥዕል ጋር በሙጫ ለጠፍኳቸው።

«እማዬ፣ ተሻለሽ?» አልኳት አጠገቧ ሄጄ።

«እግሬን ያዝሽኝ» አለች በሹክሹክታ። «ልቀቂኝ ልጄ... በቃኝ።»

«አልችልም።»

ፊቷን ወደ ግድግዳው አዞረች። እኔም አልጋው ጫፍ ላይ ቁጭ ብዬ ሳለቅስ እንቅልፍ ጣለኝ።

ያነቃኝ የወረቀት መቀደድ ድምፅ ነው።

ሮጬ ጠረጴዛው ጋ ሄድኩ። ከወረቀት የቆረጥኳት ሴትዮ የለችም። ከቁርጭምጭሚት በታች ያሉት ሁለት እግሮች ብቻ እንደተለጠፉ ቀርተዋል።

ሥዕሉ ላይ ያለው በር... ተዘግቷል።

ተመለስኩ። ጆሮዬን እናቴ ደረት ላይ አደረግኩ። ጸጥ ብሏል። ፊቷን በብርድ ልብሱ ሸፈንኩት።

ከግርጌ በኩል ብርድ ልብሱ ይነሳል... ይወርዳል... ይነሳል...

እግሮቿ ቀስ ብለው ይራመዱ ነበር።