ድንጋይ የሚሰግድባት ሰዓት

ስልኩ የተቋረጠው ነስሮ «ውሃው ወገቤ ደርሷል» ካለ በኋላ ነው። ለውዝ ሊገዛ ከባቢሌ ማዶ ወደ ዳካታ ሸለቆ ወርዶ ነበር። ዝናቡን ላሳልፍ ብሎ ከቋጥኝ ሥር ሲጠጋ ቋጥኙ ተንሸራቶ እግሩን ወንዙ ዳር ቆለፈበት። እህቱ ሳፊያ ከተማ፣ በጀጎል ግንብ ፈላና በር ላይ የዘረጋችውን የልብስ ንግድ እንዳለ ጥላ ወደ ጎረቤቷ ሹፌር ሮጠች።

«አቦ ተነስ ኒቆዲሞስ! ወንድሜ ሊሞትብኝ ነው!»

«ዛሬ ታናሿ የምትወጣበት ቀን አይደለም እንዴ?»

«ተስፋ ያደረግኩትማ እሷን ነው!»

ታናሿ የሚሏት ሁለተኛዋን ጨረቃ ነው። በዓመት አንድ ቀን፣ ከቀትር በኋላ በአሱር ሶላት ሰዓት ትወጣና ግማሽ ሰዓት ሳትሞላ ትጠልቃለች። እሷ ሰማይ ላይ ሳለች ድንጋይ ሁሉ ክብደቱን ያጣል፤ ሌላው ፍጥረት እንደነበረ ነው። ሽማግሌዎች ድንጋይ ያን ጊዜ ይሰግዳል ይላሉ። ስለዚህ የጀጎል ሰው የግንብ ቤቱን ለቆ ሜዳ ላይ ይቀመጣል፤ ድንጋይ የነካ ልጅ ስግደቱን አቋረጥክበት ተብሎ ኩርኩም ይቀምሳል። ሳፊያም በዚያ ኩርኩም ያደገች ናት።

ባቢሌን እንዳለፉ በረዶ የቀላቀለ ዝናብ የፒካፑን መስታወት ይደበድበው ጀመር። ጠዋት ደረቅ የነበረው ሸለቆ ደፍርሶ ያገሳል። መኪናውን ትተው ወገባቸውን በጭነት ገመድ አስረው ገቡ። መሃል ላይ ጎርፉ ሳፊያን ጠልፎ ጣላት። ኒቆዲሞስ ጥርሱን ነክሶ ጎትቶ አወጣት። ጭቃውን ተፍታ እንደገና ሮጠች።

ከግራሮቹ ማዶ ግን መንገዱን ዝሆኖች ዘግተውታል። ሰባት ናቸው፣ ግልገልም አላቸው። እናቲቱ ጆሮዋን ዘርግታ መሬቱን በእግሯ ደበደበች።

«በመሃላቸው ልለፍ!»

«የቸኮለች አፍሳ ለቀመች፤ አትንቀሳቀሺ!» ብሎ ክንዷን ጨመቀው።

ቆሙ። ደቂቃው እንደ እሾህ ይወጋት ነበር። ድንገት ከጋራው ጫፍ ታናሿ ብቅ አለች፤ ሐመር ብጤ፣ ትንሽ። ሸለቆው ሁሉ በአንድ ድምፅ ማንጎራጎር ጀመረ። አንዱ ባንዱ ላይ ተደራርበው የቆሙት ቋጥኞች አንድ ስንዝር ያህል ወደ ላይ ተነሡ። ግልገሉ ደንግጦ ጮኸ፤ እናቲቱም መንጋውን ይዛ ወደ ቁልቋሉ ገባች።

ሳፊያ ድንጋዮቹን ላለመንካት እየተሳበች፣ እየተሽሎከለከች ደረሰች፤ ኒቆዲሞስም ተከተላት። ውሃው የነስሮ አገጭ ላይ ነው። ቋጥኙ ክብደቱን አጥቶ ቢንሳፈፍም ጠርዙ እግሩን እንደቆለፈ ነው። ነስሮ ግን እጆቹን ደረቱ ላይ አጣጥፎ ዓይኑን ጨፍኗል።

«ነስሮ! ግፋው እንጂ!»

«እየሰገደ ነው» አላት ቀስ ብሎ።

«ሰው ሲሰጥም ሶላት ይቋረጣል! አንተው አይደለህ ያስተማርከኝ?»

«የራሴን አቋርጣለሁ። የሱን ማን ፈቀደልኝ?»

ይህ ደረቅ፣ ይህ ዓይነ አፋር ወንድሟ፣ ጀነት ልግባ ብሎ ጭቃ ሊጠጣ ነው! ቀና ብላ አየች። ታናሿ ግማሿ ከጋራው በታች ወርዷል። ሳፊያ እጇን ዘረጋች፤ እጇ ግን ድንጋዩ ጋ ሳይደርስ ቆመ። እውነት ለመናገር፣ ፈራች።

«ያ ረቢ፣ ወንጀሉ የኔ ይሁን!»

በሁለት መዳፏ ገፋችው። ቀለል ይበል እንጂ እልኸኛ ነው፤ መጀመሪያ አልነቃነቅ አለ፣ ከተነቃነቀ በኋላ ደግሞ የሚያቆመው ጠፋ። ኒቆዲሞስ ነስሮን በብብቱ ይዞ ወደ ዳር ጎተተው። ቋጥኙ በውሃው ላይ እየተንሳፈፈ ሄደ። ታናሿ ስትጠልቅ ማንጎራጎሩ ተቋረጠ፤ ቋጥኙም ወንዙ ውስጥ ወድቆ ሦስቱንም ጭቃ አለበሳቸው።

የነስሮ እግር ተሰብሯል፤ ነፍሱ ግን አለች። ኒቆዲሞስ እግሩን በእንጨት እያሰረለት ሳለ ነስሮ ፊቱን ከእህቱ አዞረ።

«አቋረጥሽበት» አላት።

«አላቋረጥኩትም። ወላሂ ስገፋው እንኳ አላቆመም። ማንጎራጎሩ በእጄ ነው ያለፈው።»

ነስሮ ዞሮ አያት። እንባው ከጭቃው ጋር ይወርዳል። መዳፏን ያዘና ጆሮው ላይ ለጠፈው። ምንም አይሰማም ነበር፤ እሱ ግን መኪናው እስኪደርሱ ድረስ አለቀቀውም።