ባንቴ ደርሼ ልምጣ

ክፍሉ በሳቅ ሲያውካካ ቤርሳቤም አብራ ሳቀች። እንዲያውም ከሁሉም ጮክ ብላ።

ሉዋል ሰሌዳው ፊት ቆሞ ሳቁ እስኪያልቅ ጠበቀ። ጠመኔው ገና ጣቶቹ መሃል ነው። ቁመቱ ረጅም ስለሆነ «ባንቴ» የሚለውን ቃል የጻፈው ከሰሌዳው ጫፍ አስጠግቶ ነበር።

«እውነቴን ነው አቦ!» አለ። «ባንቴ ማለት ሽንት ቤት ማለት ነው። ድሮ ሠፈራ ጣቢያ የነበሩ ሰዎች ‹ሽንት ቤት ልሂድ› አይሉም። ‹ባንቴ ደርሼ ልምጣ› ነው የሚሉት።»

ከኋላ ወንበር አንዱ እጁን አውጥቶ «ቲቸር፣ ባንቴ ደርሼ ልምጣ?» ሲል መምህርት የምሥራች ራሳቸው ሳቃቸውን መቆጣጠር አቃታቸው።

የስምንተኛ ክፍል የአማርኛ የቤት ሥራ ቀላል ነበር። ሁለት ሁለት ሆናችሁ፣ ዛሬ ብዙ ሰው የማይጠቀምበትን አንድ የድሮ ቃል ፈልጉ፤ ትርጉሙንና አመጣጡን ጻፉ ነው የተባሉት። ቤርሳቤና ሉዋል አንድ ላይ ተመደቡ። ቅዳሜ ገበያ ሄደው ሽማግሌዎችን ሊጠይቁ ተቀጣጥረው እሷ ልብስ አጥባለሁ ብላ ቀረች። እሱ ብቻውን ሄደ። እናቱ ዓሣ ከሚሸጡበት አጠገብ ለውዝ የሚሸጡት እትዬ አባይነሽ ናቸው ቃሉን የሰጡት። ስንት የድሮ ቃል እያለ ይሄን! ምናለ ባልቀረሁ ብላ ከንፈሯን ነከሰች።

«አመጣጡስ?» አሉ መምህርት የምሥራች።

«እሱን እትዬ አባይነሽም አያውቁም። ‹ሌላ ጣቢያ የነበሩትን ጠይቅ› ነው ያሉኝ።»

«አመጣጡ ከሌለማ ሥራው ግማሽ ነው። ቤርሳቤ፣ የእናትሽ ቤተሰብ ከሠፈራ ጣቢያ አይደሉ እንዴ የመጡት?»

ክፍሉ ሁሉ ዞሮ አያት። ጉድ ፈላ!

ቤርሳቤ ታውቃለች። ባንቴ ዕቃ አይደለም፣ ሰው ነው። ሙሉ ስሙ ባንተአምላክ ነው። ይሄኔ እነሱ ግቢ ማንጎው ሥር ቁጭ ብሎ የመቆፈሪያ እጀታ እየጠረበ ነው። የእናቷ አባት ነው፤ ጉልበቱን ሲያመው ከሁለት ዓመት በፊት ከመንደሩ ወደ ከተማ አመጡት። ሰባት ዓመቷ ሳለ ለበዓል መንደሩ ሄዳ፣ ልጆቹ አፍንጫቸውን ይዘው «የባንቴ ልጅ! የባንቴ ልጅ!» እያሉ መንገዱን ሙሉ ተከትለዋታል። ለምን እንደሆነ ማንንም አልጠየቀችም። ብቻ ከዚያ ወዲያ መንደሩ እንሂድ ሲሏት ሆዴን አመመኝ ትላለች።

«ከእንግሊዝ ነው» አለች ቤርሳቤ። ድምፅዋ ለራሷም እንግዳ ሆነባት።

«ከእንግሊዝ?»

«አዎ። ባሮ ወንዝ ላይ መርከብ ይመጣ በነበረ ጊዜ እንግሊዞች ወደቡ ላይ ሽንት ቤት ሠርተው ነበር። ‹ባንቲ› ይሉታል በነሱ ቋንቋ። ሠራተኞቹ ባንቴ አሉት። ከዚያ… ከዚያ ሠፈራ ጣቢያም ደረሰ።»

«ማን ነገረሽ?»

እዚህ ላይ አላውቅም ብትል ምን ነበረበት? «አያቴ» አለች።

መምህርት የምሥራች በደስታ እጃቸውን አጨበጨቡ። «ይሄ ቃል ብቻ አይደለም፣ የከተማችን ታሪክ ነው! ዓርብ በቋንቋ ቀን መድረክ ላይ ይነበባል። አያትሽንም ይዘሻቸው ነይ፤ ፊት ወንበር እናስቀምጣቸዋለን።»

ሉዋል ወደ ቦታው ሲመለስ ፊቱ በርቶ ነበር። «ይመችሽ!» አላት በሹክሹክታ። «እኔ ላነብ እችላለሁ? በናትሽ።»

ቤርሳቤ ለምን እንደፈለገው ገብቷታል። ባለፈው ዓመት በዚሁ ቀን አማርኛ አፉን ያልፈታበት ሉዋል መድረክ ላይ ወጥቶ ግጥም ሲያነብ ተንተባተበ። «አንቺ» ማለት ሲገባው «አንተ» አለና አዳራሹ ሳቀበት። ከኒውላንድ ሠፈር ድረስ በእግራቸው የመጡት አባቱ ልጃቸው እስኪጨርስ አንገታቸውን ደፍተው ነው የቆዩት። ሉዋል ከዚያ ወዲህ ዓመቱን ሙሉ ከአማርኛ መጽሐፍ ጋር ነው የከረመው።

«አንብብ» አለችው። ሌላ ምን ትበለው?

ማክሰኞ አለፈ፤ ረቡዕም አለፈ። ቤርሳቤ ለአያቷ ምንም አልነገረችም። ዓርብ ሲደርስ አሞት ቀረ እላለሁ ብላ ወስናለች። ማታ ስትተኛ ጥሩ ሐሳብ ይመስላታል፣ ጠዋት ስትነሳ ደግሞ የአያቷን ፊት ማየት ያቅታታል።

ሐሙስ ከሰዓት የግቢው በር ተንኳኳ። ስትከፍት ሉዋል ቆሟል። አንድ እጁ ላይ ወረቀት፣ አንድ እጁ ላይ የጥሪ ካርድ ይዟል።

«ቲቸር ለአያትሽ ስጥ ብለውኝ ነው» አለ። «በዚያው ደግሞ ባነብላቸው ብዬ። የተሳሳትኩት ካለ ያርሙኛል።»

«አሁን ተኝቷል…» ብላ ሳትጨርስ ከማንጎው ሥር የአያቷ ድምፅ መጣ። «ማነው? አስገቢው እንጂ ልጄ፣ እንግዳ በር ላይ ይቆማል እንዴ!»

ሉዋል ጎንበስ ብሎ በሁለት እጁ ሰላም አለ። ካርዱን ሰጠና ፊት ለፊቱ ቆመ። ቤርሳቤ ግድግዳውን ተደግፋ ቀረች። ወረቀቱን ነጥቄ ልሩጥ ብላ አሰበች፤ እሱ ግን ወረቀቱን ዘርግቷል።

«‹ባንቴ የሚለው ቃል ትርጉምና አመጣጥ›» ብሎ ጀመረ ሉዋል፣ ጥርት ባለ አማርኛ። አያቷ የሚጠርብበትን ቢላ አቆመ። «‹ባንቴ ማለት ሽንት ቤት ማለት ነው። ቃሉ የመጣው ከእንግሊዞች ነው። በመርከቡ ዘመን…›»

አንድም ጊዜ አልተንተባተበም። እንግሊዞቹን አነበበ፣ ወደቡን አነበበ፣ ሠራተኞቹን አነበበ። መጨረሻ ላይ ቀና ብሎ «‹ይህን የነገሩን የቤርሳቤ አያት ናቸው›» አለና ወረቀቱን አጠፈ።

አያቷ ቀስ ብሎ ወደ ቤርሳቤ ዞረ። አልተቆጣም። ቢቆጣ ይሻላት ነበር።

«የተሳሳትኩት አለ አባባ?» አለ ሉዋል።

«የለም። ጥሩ ታነባለህ፣ በርታ ልጄ።»

«ስምዎንም ብጽፈው ደስ ይለኛል። ማን ልበል?»

ቤርሳቤ ዓይኗን ጨፈነች።

«አባባ በለኝ፣ ይበቃል» አለ አያቷ።

ሉዋል አመስግኖ ከሄደ በኋላ ቤርሳቤ ወደ ማንጎው ተጠጋች። «አባባ…» አለች። እንባዋ ቀደማት።

«ነይ ቁጭ በይ» አላት። ከጎኑ ተቀመጠች። «ስሙ ከየት እንደመጣ ነግረውሻል?»

አልነገሩኝም ብላ ራሷን ነቀነቀች። «አፍንጫቸውን ሲይዙ ብቻ ነው ያየሁት።»

አያቷ ቢላውን መሬት ላይ አስቀመጠ። «ያኔ ሃያ አምስት ዓመቴ ነው። በድርቁ ጊዜ ከወሎ አምጥተው እዚህ ሲያራግፉን ጎጆው ተደርድሯል፣ ሽንት ቤት ግን የለም። አገራችን ሰው ሜዳ ነው የሚወጣ፤ ሜዳው ሰፊ፣ ሰዉ ጥቂት። እዚህ ሺህ ሰው አንድ ላይ ሰፈረ። ተቅማጥ ገባ። የጤና ሠራተኛው ‹ጉድጓድ መቆፈር የሚችል ማነው?› አለ። አገሬ ሥራዬ እሱ ነበር፣ እኔ አልኩ።

«ጥልቅ አድርጌ ቆፈርኩ። በኛ አገር ጥሩ ጉድጓድ ማለት ጥልቅ ጉድጓድ ነው። በሽተኛው ሩቅ እንዳይሄድ ብዬ ደግሞ ከቤቱ አስጠጋሁት። ከምንጠጣው ውሃም ብዙ አልራቅሁ። ሰዉ መረቀኝ። ከዚያ ክረምቱ ገባ። እኛ የምናውቀው ውሃ ከላይ ሲመጣ ነው፤ እዚህ ከሥር ይመጣል። ወንዙ ሲሞላ መሬቱ ከውስጥ ሞላ። ጉድጓዶቼ ሁሉ ገንፍለው የምንጠጣው ውሃ ውስጥ ገቡ።»

ከመንገዱ የባጃጅ ጥሩምባ ተሰማ።

«አሥራ አንድ ሰው ቀበርን። አንዷ የኔው ልጅ ናት። ስሟ ይታይሽ ነው፤ የእናትሽ ታላቅ።»

ቤርሳቤ እናቷ ታላቅ እህት እንደነበራት አታውቅም ነበር።

«ስሙ ያኔ ወጣ። ሽንት ቤቱን ‹የባንቴ ቤት› ይሉታል፣ እየተፉ። አልፈርድባቸውም። እኔም ቆፋሪነቴን ረገምኩ። ወንዝ ዳር ወርጄ ስቀመጥ ነው ኡሞድ የሚባል የአኙዋክ ሰው ያገኘኝ። እሱ አማርኛ አያውቅ፣ እኔ አኙዋክኛ አላውቅ። እጄን ይዞ ቤቱ ወሰደኝ። ቤቱን የሠራው አፈር ከምሮ፣ ደልድሎ፣ ጉብታ ላይ ነው። ውሃው እስከየት እንደሚደርስ በእግሩ መሬቱን እያሰመረ አሳየኝ። ይሄን ሳልጠይቅ ነው የቆፈርኩት! በጋውን ሙሉ አፈር ተሸከምኩ። ከመጠጥ ውሃው አርቄ ጉብታ ሠራሁ፤ ጉብታው ላይ ጥልቀት የሌለው ጉድጓድ ቆፈርኩ። ሲሞላ እደፍነውና ሌላ ጉብታ እጀምራለሁ። በሚቀጥለው ክረምት በተቅማጥ የቀበርነው ሰው የለም።»

«ታዲያ ስሙን ለምን አልተዉትም?»

«ስም ይለቃል እንዴ! ግን መተፋቱ ቀረ። በኋላ የተወለዱት ልጆች ‹ባንቴ ደርሼ ልምጣ› ይላሉ፤ ሮጠው ይሄዳሉ፣ ሮጠው ይመለሳሉ። ባንቴ ሰው መሆኑን የማያውቁም አሉ። እኔ ደጄ ቁጭ ብዬ እቆጥራቸው ነበር። የሄደው ሁሉ መመለሱን ሳይ ደስ ይለኛል።»

ከዚያ የጥሪ ካርዱን አንስቶ እጇ ላይ አስቀመጠላት። «ነገ እንኳ አልመጣም። ጉልበቴ ይዞኛል። ያ ልጅ እንዳፈረ እንዳይቀር የያዘውን ያንብብ፤ ጥሩ ያነባል።»

ጠዋት በእግሩ ባሮ ድረስ ሄዶ ተመልሷል። ጉልበቱ ዛሬ ምንም አልሆነም፤ ቤርሳቤ ታውቃለች።

ዓርብ ሁለት ሰዓት ላይ አዳራሹ ገና ባዶ ነው። ሉዋል የታጠበ ነጭ ሸሚዙን ለብሶ ትልቁን ካርቶን ግድግዳው ላይ እየለጠፈ ነበር። «የእንግሊዞች ቃል» ይላል፣ በቀይ ማርከር።

«ውሸት ነው» አለች ቤርሳቤ።

«ምኑ?»

«ሁሉም። እንግሊዝ የለም። ባንቴ አያቴ ነው። ባንተአምላክ ነው ስሙ።» ከዚያ የቀረውን ሁሉ፣ አሥራ አንዱንም ጉብታውንም፣ ሳትተነፍስ ነገረችው።

ሉዋል ፕላስተሩን እንደያዘ ቀረ። «ትናንት እኮ ፊታቸው ቆሜ ነው ያነበብኩት» አለ። «ስማቸውን ስጠይቃቸው… አንቺ እያየሽ! በራሳቸው ሽንት ቤት ሙድ የያዝኩባቸው ነው የሚመስላቸው!» ወደ በሩ አየ። «አባቴ ሊመጣ ነው። ውሸት ላነብለት ነበር። እንዴት እንደዚህ ታደርጊኛለሽ?»

«አፍሬ ነው።»

«በማን?»

ማርከሩን ከመሬት አነሳች። «የእንግሊዞች ቃል» የሚለውን ሰረዘች፤ ከሥሩም «አመጣጥ፦ ባንተአምላክ፣ ጉድጓድ ቆፋሪ» ብላ ጻፈች። ፊደሎቹ ተንጋደዋል። በር ላይ ቆመው የነበሩት መምህርት የምሥራች ወደ ካርቶኑ መጥተው አነበቡት።

«እኔ ነኝ የዋሸሁት ቲቸር። ሉዋል ምንም አያውቅም» አለች ቤርሳቤ። «መድረክ ላይም እናገራለሁ። መጀመሪያ ግን ቤት ደርሼ ልምጣ?»

መምህርት የምሥራች ካርቶኑን እንደገና አዩት። «እስከ አራት ሰዓት ተመለሺ» አሉ።

በሩ ጋ ስትደርስ የሚከተላት ኮቴ ሰማች። ሉዋል ነበር። እስከ ቤት ድረስ ባጃጁ ውስጥ አንድ ቃል አልተናገራትም፤ እሷም አልለመነችውም።

አያቷ ማንጎው ሥር ተቀምጧል። የበዓል ኮቱን ለብሷል፣ ጫማውም ተወልውሏል። ልጆቹን ሲያይ ልብሱን አየና ትንሽ አፈረ።

«እንዲያው ላናፍሰው ብዬ ነው» አለ።

ሉዋል ወደ ፊት ራመድ አለ። «ጋሽ ባንተአምላክ» አለ፣ ስሙን አንድም ፊደል ሳይስት። «ትናንት ያነበብኩት ስህተት ነው። ዛሬ ማንበብ የምፈልገው ትክክለኛውን ነው።»

አያቷ ቤርሳቤን አያት። እሷ ምርኩዙን አንስታ አቀበለችው።

«ጉልበትህ እንዴት ነው አባባ?»

ምርኩዙን ተደግፎ ተነሳ። «ደህና ነው» አለ።

«በል ና። ባጃጁ ቆሟል።»