ሁለት ጊዜ የተጻፉት

«ወላሂ፣ ዲና የመጋላ ሰፈር ልጆችን እየመረጠች ነው የሰረዘችው» ይላል ዐብዲገኒ። ጠዋት በር ላይ አለው፤ በእረፍት ሰዓት ሳምቡሳውን እየገመጠ ደገመው፤ አሁን በመጨረሻው ክፍለ ጊዜም ከኋላ ወንበር ሆኖ፣ ዲና እንድትሰማው አድርጎ ይለዋል። ወሬ እንደ እንቁላሉ ነው፤ ቀስ በቀስ በእግሩ ይሄዳል።

ዲና ዞራ አላየችውም። የክፍሉ አለቃ ናት። በሒሳብ የሚስተካከላት የለም፤ ይህንንም ከማንም ቀድማ የምትናገረው ራሷ ናት። ደግሞስ ምን አጠፋች? የጤና ክበቡ ነገ ከከተማው ውጭ ወዳለችው ጀልዴሳ ይሄዳል፤ ልጆቻቸውን ሊያስከትቡ የሚመጡ እናቶችን የሚያነጋግሩ ተማሪዎች ተፈልገዋል። ቲቸር ሞሐሙድ ትናንት ሁለት ወረቀት አዞሩ። ሶማሊኛ የሚችል በአንዱ፣ ኦሮምኛ የሚችል በሌላው ስሙን ጻፈ። አሥራ ዘጠኝ እና አሥራ ስምንት። ዲና ደመረች፤ ሠላሳ ሰባት። መኪናው የሚይዘው ሠላሳ ተማሪ ነው። ስለዚህ ከወረቀቶቹ ግርጌ በድምሩ ሰባት ስም ሰረዘች። ወረቀቱ መጨረሻ የደረሰው ኋላ ወንበር ነው፤ ኋላ የሚቀመጡት ደግሞ የመጋላ ልጆች ናቸው።

ከእነሱ አንዷ ሃሊሞ ናት፤ ከአምስተኛ ክፍል ጀምሮ የዲና ጓደኛ። ነርስ መሆን ትፈልጋለች፤ ይህችን ቅዳሜ ከመስከረም ጀምሮ ስትጠብቃት ነው የከረመችው። ስሟ ከተሰረዘ ወዲህ ዲናን አላናገረቻትም።

ደወሉ ሊደወል አሥር ደቂቃ ሲቀረው ዲና የዐብዲገኒን አፍ የሚዘጋ ማስረጃ ፍለጋ ሁለቱን ወረቀቶች ጎን ለጎን ዘረጋች። ዛኪር እዚህ አለ። ዛኪር እዚያም አለ። ኢዲልም። የራሷም ስም። በጣቷ እየተከተለች ቆጠረች፤ ስምንት። ሁለቱንም የሚችል ሁለቱም ላይ ጽፏል፤ ድሬ ዳዋ ላይ ማን በአንድ ቋንቋ ይኖራል? እሷ ግን አንዱን ሰው ሁለት አድርጋዋለች። ከሠላሳ ሰባት ስምንት ሲነሳ ሃያ ዘጠኝ። ለሁሉም ቦታ አለ፤ እንዲያውም አንድ ወንበር ይተርፋል።

ፊቷ ጋለ። ባለፈው ሳምንት በሒሳብ የስብስብ ትምህርት ላይ ይህንኑ ስህተት ሰሌዳው ፊት ቆሞ የሠራው ዐብዲገኒ ነበር። «አቦ፣ አንተ እንኳን ስብስብ፣ የገዛ ጣትህንም ሁለቴ ሳትቆጥር አትቀርም» ብላ ክፍሉን በሳቅ ያፈረሰችው ደግሞ እሷ። አሁን ዝም ብትል ማንም አያውቅም። ቲቸር ዝርዝሩን ተቀብለው ለርዕሰ መምህሩ ሊሰጡ እጃቸውን ወደ እሷ ዘረጉ።

ወረቀቱን አልለቀቀችም።

«ቲቸር፣ ተሳስቻለሁ» አለች። «ስምንት ሰው ሁለቴ ቆጥሬያለሁ። የተሰረዘው ሁሉ መሄድ ይችላል።»

ዐብዲገኒ እጁን ከፍ አድርጎ እያንዳንዱን ጣቱን ሁለት ሁለት ጊዜ መቁጠር ጀመረ፤ ሳቁ ደወሉ እስኪደወል አላባራም። ዲና ከንፈሯን ነክሳ፣ አንገቷን ሳትደፋ ተቀመጠች።

ቅዳሜ ጠዋት ሃሊሞ መኪናው ውስጥ ስትገባ ዲና ተነስታ የመስኮቱን ቦታ ለቀቀችላት። ከከተማው ወጥተው አቧራው ጀመረ።

«ዲና» አለች ሃሊሞ ዓይኗን ከመስኮቱ ሳታነሳ፣ «ወሬውን መጀመሪያ ለዐብዲገኒ የነገርኩት እኔ ነኝ።»

ዲና ቦርሳዋን ጭኗ ላይ አስተካከለች። ከመስኮቱ ቦታ ተነሺ አላለቻትም።