የሟቿ ቀኝ ጉንጭ

ሟቿ የደንበኞች ወንበር ላይ፣ ትልቁ መስታወት ፊት ለፊት፣ ጭንቅላቷን ወደ ኋላ ደገፍ አድርጋ ተቀምጣለች። ተኳኩላ ጨርሳለች። ቅንድቧ ተስሏል፣ ከንፈሯ ቀልቷል፣ የጉንጯ አጥንት እንደ ተወለወለ ናስ ያበራል። ከአገጯ በታች ያለው ቆዳ ግን አመድ መስሏል። የፀጉር ቀለም፣ የተቃጠለ ፀጉርና የሰነበተ ቅባት ሽታ ተቀላቅሎ ሳሎኑ ውስጥ የገባውን ሁሉ ጉሮሮ ይይዛል።

መርማሪዋን ያስጠራት ሐኪሙ ነበር። ባልደረቦቿ «ወንፊት» የሚሏት፣ ሃምሳን የተሻገረች፣ ድምፅዋን የማታነሳ ሴት ናት።

«ደም ግፊት ነበረባት አሉኝ» አላት ሐኪሙ። «እየተኳኳለች ልቧ ቆሟል ብዬ ልፈርም ብዕሬን አውጥቼ ነበር። የዓይኗን ሽፋን ስገልጥ ጥቃቅን የደም ነጠብጣብ አየሁ። ከዚያ እዚህ ጋ በጥጥ ጠረግኩ።»

ከተጠረገው ቀለም ስር፣ በአፏ ዙሪያ፣ ቆዳው በልዟል።

«ታፍናለች» አለች መርማሪዋ።

«ታፍናለች። ከጠዋቱ አሥራ ሁለት ተኩል እስከ አንድ ሰዓት ተኩል ባለው ጊዜ። የኳሏት ከሞተች በኋላ ነው።»

መርማሪዋ አጉሊ መነጽሯን አውጥታ ወደ ሬሳው ፊት ጎንበስ አለች። በቀኝ ጉንጭ ላይ ሃይላይተሩ፣ ያ የሚያበራው ዱቄት፣ በወፍራሙ ተቀብቶ ወደ ጆሮ ግንድ ሽቅብ ተስቧል። በግራው ላይ ለስሙ ያህል ነካ ተደርጓል። በዱቄቱ ውስጥ ሰማያዊ ቅንጣቶች ነበሩበት። ከቅንጣቶቹ መሃል አጭር፣ ቆልመም ያለ፣ ቀላ ያለ ፀጉር ተለጥፏል።

«የሰው ሽፋሽፍት ነው» አለች።

«የራሷ ይሆናላ።»

«የሷ ጥቁር ነው፤ ይኸው።»

ሃያ ሁለት ዓመት ሬሳ ስታይ የኖረች ሴት ከአንዲት ሽፋሽፍት ፊቷን መለሰች። ቀና ብላ ጠረጴዛውን አየች። ቆዳ የሚሸፍነው ፋውንዴሽን፣ ኩሉ፣ የከንፈር ቀለሙ ተደርድሯል። ሃይላይተር ግን የለም። የሟቿን ቦርሳ ከፈተች። አንድ ሃይላይተር አገኘች፤ አዲስ ነው፣ የታሸገበት ላስቲክ እንኳ አልተነሳም።

በሩ አልተሰበረም። ከሳሎኑ ባለቤት፣ ከሟቿ፣ ሌላ ቁልፍ ያላቸው ሦስት ሰዎች ነበሩ፤ ባሏ፣ ታናሽ እህቷና የሳሎኑ ፀጉር ሠሪ። ሦስቱም ያን ሰዓት ለብቻቸው እንደነበሩ ተናገሩ።

መርማሪዋ በጀርባው ክፍል፣ እርጥብ ፎጣ በተከመረበት ጠረጴዛ አጠገብ፣ አንድ በአንድ አስገባቻቸው።

ባልየው መኪና መንዳት ያስተምራል። እጁን የት እንደሚያሳርፍ ጠፍቶት ጉልበቱን ጨበጠ።

«አሥራ ሁለት ተኩል ላይ በር ላይ አወረድኳትና ሄድኩ። ተማሪዬ ስላልመጣ ሜዳው ላይ ብቻዬን ቆየሁ።»

«ሰላም ነበራችሁ?»

«አልዋሽም፣ አልነበረንም። ከተኮራረፍን ወር አልፎናል። ትናንት ማታ እራት እንኳ አልበላችም። ምን እንዳየች ባላውቅም ያቅለሸልሻት ነበር።»

«ስትኳኳል አይተው ያውቃሉ?»

«ግማሽ ሰዓት ነው የሚፈጅባት። ያቺን የምታበራዋን ነገር ሳትቀባ ደጅ አትወጣም። ፊቷን ከመታት ወዲህ ደግሞ ባሰባት።»

«ምን መታት?»

«የነርቭ ነገር። ከሦስት ዓመት በፊት አንድ ጠዋት ስትነሳ የፊቷ አንዱ ጎን ወርዶ ተገኘ። ብዙው ተመለሰላት፣ ጥቂቱ ቀረ። የቀረውን በዱቄቱ ነበር የምታነሳው። ብርሃን ያረፈበት ነገር ከፍ ያለ ይመስላል ትል ነበር።»

«የትኛው ጎን? በእኔ ፊት ላይ ያሳዩኝ።»

ሰውየው ጣቱን ወደ መርማሪዋ ግራ ጉንጭ አቀረበና ሳይነካት መለሰው።

እህትየዋ ሃያ ስድስት ዓመቷ ነው፤ ሰው መኳልን ከእህቷ ተምራ አብራት ትሠራለች። ሬሳውን ያገኘችው እሷ ናት። አላለቀሰችም፤ ጥርሷን ነክሳለች።

«ትናንት ተጣልታችኋል አሉ» አለቻት መርማሪዋ።

«ተጣልተናል። አንዲት እናት መጥታ ነበር። የልጇ ዓይን አብጦ መግል ይወርደዋል፤ ሐኪሞች ዓይኑ ላይተርፍ ይችላል ብለዋታል። ልጅቷ የተቀባችውን ሃይላይተር ይዛ መጣች። ከዚህ ሳሎን ገዛነው አለች።»

«ትሸጣላችሁ እንዴ?»

«ሸጠን አናውቅም። እህቴ ዱቄቱን በመርፌ ገልብጣ አየችው። ከላይ አዲስ ነው የሚመስለው። ውስጡ ሰው ተቀብቶ የተረፈ፣ ከየዕቃው ተፍቆ የተቀላቀለ ነው። የዓይን ቀለም አለበት፣ ፀጉር አለበት፣ የተቀረፈ ቆዳ አለበት። እህቴ እዚያው መታጠቢያው ላይ አስመለሰች።»

«ከዚያስ?»

«እኔን ጠረጠረች። ብሩሾቹንና ያለቁትን ዕቃዎች የማጸዳው እኔ ነኛ። እኔም የማይባል ነገር ተናገርኩ። ነገ ማልጄ መጥቼ የሁላችሁንም ሳጥን እከፍታለሁ አለች።»

«ይህን ስትል ማን ሰማ?»

«ሁላችንም ሰምተናል። ባሏ ሊወስዳት መጥቶ በር ላይ ነበር፤ ፀጉር ሠሪያችን እትዬ ደግሞ የሰው ፀጉር ታጥብ ነበር።»

«የሚያበራውን የት ነበር የምትቀባው?»

እህትየዋ የራሷን ግራ ጉንጭ በጣቷ ነካችና ወደ ጆሮ ግንዷ ሳበችው። «እዚህ ጋ አወፍራ። ቀኙን ለወጉ ነው።»

ፀጉር ሠሪዋን ሁሉም «እትዬ» ነው የሚላት። ወደ ስልሳ የተጠጋች፣ ወፈር ያለች፣ ደንበኛ ሁሉ ገበናውን የሚያዋያት ሴት ናት። ገና ከመቀመጧ እንባዋ ወረደ።

«አንጀቴ ተቆረጠ፣ የኔ ልጅ። ልጄ ማለት ነበረች። አሥራ አንድ ዓመት ሙሉ በየጠዋቱ እሷ ስትኳኳል እኔ ከኋላዋ ቆሜ ፀጉሯን ስሠራላት ኖሬያለሁ።»

«ዛሬ ጠዋትስ?»

«ቤቴ ነበርኩ። እህትየዋ ደውላ ነው የነገረችኝ። ያቺን ልጅ ደግሞ አደራ እንዳትጫኗት። ትናንት ተቆጥታ ክፉ ተናገረች እንጂ ክፉ አይደለችም። ደሞ ማን ያውቃል፣ የሰው ሆድ።»

«ሃይላይተሩን የት ነበር የምትቀባው?»

እትዬ ጠጋ አለች። በሞቀ፣ ቅባት በጠገበ አውራ ጣቷ የመርማሪዋን ቀኝ ጉንጭ ሽቅብ ዳሰሰችው። «እዚህ ጋ፣ የወረደው ጎኗ ላይ። እንዲህ እየሳበች።»

እትዬ ከወጣች በኋላ መርማሪዋ ጉንጯን በመሐረብ ደጋግማ ጠረገች። ቅባቱ ቶሎ አልለቀቀም።

ከዚያ ፍተሻው ተጀመረ። የእህትየዋ ሳጥን ንጹሕ ነበር። ቁልፍ ያለው ሁሉ በሚከፍተው የፀጉር ቀለም ቁም ሣጥን ጥግ ግን አንድ ቆርቆሮ ተገኘ። መርማሪዋ ክዳኑን አንስታ ወዲያው መለሰችው። እንደገና ትንፋሿን ይዛ ከፈተችው። የተፋቀ ዱቄት፣ የረጋ የከንፈር ቀለም፣ ሽፋሽፍት፣ የዝንብ ክንፍ፣ ሁሉም በአልኮል ርሶ የአሮጌ ቁስል መግል የመሰለ ጭቃ ሆኗል። አጠገቡ መፋቂያ ቢላዋና የሻገተ ስፖንጅ ተቀምጧል።

ከሰዓት በኋላ ሬሳው ከተነሳ በኋላ ሦስቱን ወደ ሳሎኑ ሰበሰበቻቸው። ሐኪሙና አንድ ፖሊስ በር ላይ ቆሙ።

«ገዳዩ እዚህ አለ» አለች መርማሪዋ። «ሟቿ ዛሬ ማልዳ የመጣችው ሳጥኖቹን ልትከፍት ነው። ቆርቆሮውን ሊያሸሽ ቀድሞ የገባ ሰው ነበር፤ ያዘችው። ያ ሰው በእርጥብ ፎጣ አፈናት። ከዚያ በአፏ ዙሪያ የበለዘውን ሊሸፍን ኳላት። ያለ ሃይላይተር ፊቷን ጨረሰች ብሎ የሚያምን እንደሌለ ስለሚያውቅ እሱንም ቀባላት። የሥራ ሰዓት ሲደርስበት ቆርቆሮውን እዚያው ጥሎ ወጣ። የተቀባው ግን የሷ አይደለም፤ የሷ እንደታሸገ ቦርሳዋ ውስጥ ነው። ያን አይታ ያስመለሳትን ቆሻሻ ነው ፊቷ ላይ የለቀለቁባት።»

እህትየዋ እጇን አፏ ላይ ጫነች።

«ይህ ማን እንደሆነ አይነግረንም» አለ ባልየው።

«ጉንጯ ይነግረናል። የወረደው ግራ ጎኗ ነው። በሬሳው ላይ የወፈረው በቀኝ ነው።»

«ገዳዩ ሲያያት የወረደውን አይለይም እንዴ?»

«ሰው ሲሞት የፊቱ ጡንቻ ሁሉ ይላላል» አለ ሐኪሙ ከበሩ። «ሁለቱም ጎን እኩል ወርዶ ነበር።»

«ስለዚህ ገዳዩ የቀባው በትዝታ ነው» አለች መርማሪዋ። «አንቺ ነይ፣ እዚህ ተቀመጪ።»

እህትየዋ መስታወቱ ፊት ተቀመጠች። መርማሪዋ በግራ ጉንጯ ላይ ትንሽ ነጭ ጥጥ ለጠፈችላት።

«እትዬ፣ እንደ ወትሮዎ ከኋላዋ ይቁሙ። በመስታወቱ ውስጥ ጥጡ በየት በኩል ይታየዎታል?»

«በግራዬ።»

«አሁን ዞረው ከፊቷ ይቁሙ። በየት በኩል ነው?»

እትዬ ዞረች። ጥጡ በቀኟ በኩል ነበር። አየችውና ከወንበሩ ራቅ አለች።

«ባልየው ፊት ለፊት ሲያያት የኖረ ሰው ነው፤ ግራ ጉንጬን አሳየኝ። እህትየዋ የራሷን ግራ ነካች። እርስዎ ግን ለአሥራ አንድ ዓመት ስትኳኳል ያዩት መስታወት ውስጥ ነው። ከፊቴ ሲቀመጡ በግራዎ የሚታየዎትን፣ የእኔን ቀኝ ዳሰሱ። የሟቿንም እንደዚያው አደረጉ።»

«ጣቴ ቢስት ነፍሰ ገዳይ ነኝ ማለት ነው?» አለች እትዬ በለሰለሰ ድምፅ። «እግዜር ይይላችሁ።»

«እሱ ብቻውን አይበቃም» አለች መርማሪዋ። «ቦርሳዎ ይፈተሽ።»

ፖሊሱ ቦርሳውን ጠረጴዛ ላይ ዘረገፈው። በፌስታል የተጠቀለሉ ሰባት ሃይላይተሮች ወጡ፤ ክዳናቸው ተወልውሏል፣ አዲስ ይመስላሉ። መርማሪዋ አንድ በአንድ ከፈተቻቸው። በስድስተኛው ላይ የአውራ ጣት ፈለግ ነበረበት፤ በፈለጉ ዳር የሟቿ ፋውንዴሽን ተለጥፏል።

«የቀቡበትን ለምን አልጣሉትም?» አለች መርማሪዋ። እውነቷን ነበር የጠየቀችው።

«ብዙ ቀርቶታል» አለች እትዬ። «ላዩን አስተካክሎ የሚፈልግ ይወስደዋል።»

ባልየው ወንበሩን ገፍቶ ወጣ። መታጠቢያው ዘንድ ሲያስመልስ ተሰማ።

እትዬ አሁን አታለቅስም። «ምን ትጸየፉኛላችሁ? ሠላሳ ዓመት የሰው ፎሮፎር አራግፌያለሁ፤ ቅማል ለቅሜያለሁ። እጅሽ ይቆሽሻል ያለኝ የለም። ለእናንተ ሲሆን ጊዜ ነው ቆሻሻው ቆሻሻ የሚሆነው። እሷም ቆርቆሮውን አይታ እንደ ውሻ ነው ያየችኝ። እለምንሻለሁ ብዬ እጇን ስይዘው፣ አትንኪኝ አለችኝ። እኔን፣ እንደ ልጄ የያዝኳትን፣ አትንኪኝ።»

«ዓይኗ የሚጠፋባት ልጅ ምን አደረገችዎት?» አለች እህትየዋ።

እትዬ ጣቶቿን በቀሚሷ ጠረገች። ሰው አፈ ቅቤ ልበ ጩቤ ሲባል መርማሪዋ ብዙ ሰምታለች፤ ይህቺ ሴት ግን ጩቤው ራሱ ቅባት የተቀባባት ናት ስትል አሰበች። ፖሊሱ ሲያወጣት ከመንገዷ ዘወር አለች፤ ቀሚሷ እንዲነካት አልፈለገችም።

ሐኪሙ ከቆርቆሮው ናሙና ወስዶ ልጅቷ ወደተኛችበት ሆስፒታል ራሱ ይዞት ሄደ። ማምሻውን ደወለ። በዱቄቱ ውስጥ ያለው ተለይቷል፣ መድኃኒቱ ተቀይሯል፤ ሐኪሞቹ ከትናንቱ የተሻለ ተስፋ አላቸው።

እህትየዋ በማግስቱ ሬሳ ክፍል መጣች። ለብ ያለ ውሃና አዲስ ጥጥ ይዛለች።

«ማስረጃችሁን ከወሰዳችሁ ፊቷን እኔ ልጠብላት» አለች። «ያ ነገር ላይዋ ላይ እያለ አትቀበርም።»

መርማሪዋ ጎድጓዳውን ሳህን ያዘችላት። እህትየዋ ከግንባር ጀምራ ቀስ እያለች ጠረገች፤ ጥጡ በቆሸሸ ቁጥር እየጣለች ሌላ አነሳች። ውሃውን ሦስት ጊዜ ቀየሩት። በመጨረሻ የአርባ ዓመት ሴት የደከመ፣ ንጹሕ ፊት ወጣ፤ በአፏ ዳር የሳቅ መስመሮች ነበሯት።

«ሳትኳኳል ካየኋት ሦስት ዓመቴ ነው» አለች እህትየዋ። ጎንበስ ብላ ሳመቻት፤ ያን ጊዜ ነው ያለቀሰችው።